የጤና መድህን ደብተራችን፦ ደሴ ላይ ለዓመታት ተጠቅሜበት ያየሁት

ሸዋ በር አካባቢ ትንሽ የልብስ ስፌት ቤት አለችኝ። ደሞዝ የለኝም፣ ጡረታም አይጠብቀኝም። ባለቤቴ ባጃጅ ይነዳል፣ ባጃጁ ግን የሌላ ሰው ነው። ሦስት ልጆች አሉን፣ እናቴም ከእኛ ጋር ናት። እንዲህ ላለ ቤት መንግሥት ያዘጋጀው ነገር ማህበረሰብ አቀፍ የጤና መድህን ነው፣ ሰፈር ውስጥ በአጭሩ «መድህን» የምንለው። ከጦርነቱ በፊት ጀምሮ አባል ነኝ። የዕድሳት ሰሞን በመጣ ቁጥር ደንበኞቼ ልብስ እየለኩ «ለመሆኑ ይጠቅማል ወይ?» ይሉኛል። አንዴ ቁጭ ብዬ ያየሁትን በሙሉ ልጻፈው አልኩ።

መልሴን አስቀድሜ ልንገራችሁ። ግቡ። ካላችሁም አትውጡ። ግን ጉድለቱን ደብቄ ግቡ ብል ሰው ማሳሳት ይሆንብኛል።

አሠራሩ ለማያውቅ ሰው እንዲህ ነው። የሚመዘገበው አንድ ሰው ሳይሆን ቤተሰብ ነው። አባት፣ እናት፣ ከ18 ዓመት በታች ያሉ ልጆች በአንድ ደብተር ይገባሉ። እንደ እናቴ ያለ ሌላ የቤተሰብ አባል ተጨማሪ ተከፍሎለት ይገባል። ክፍያው በዓመት አንዴ ነው። በየጊዜው ጨምሯል፣ አሁንም ቢሆን ግን የአንድ በግ ዋጋ አይሞላም። ከዚያ በኋላ የካርድ፣ የምርመራ፣ የላብራቶሪ፣ የመድኃኒት፣ የአልጋ፣ የቀዶ ሕክምናም ቢሆን አትከፍሉም። መነጽር፣ ሰው ሠራሽ ጥርስ፣ ለመዋቢያ የሚደረግ ሕክምና፣ ውጭ አገር ሄዶ መታከም አይሸፈንም። ወሊድ፣ ክትባት፣ የቲቢ ሕክምና ደግሞ ድሮም በመንግሥት ጤና ተቋም ለሁሉም ሰው በነፃ ነው፣ ለእነሱ ደብተር አያስፈልግም። ይህን የማያውቁ ብዙ ናቸው። ደብተር የለኝም ብላ ቤቷ ልትወልድ የነበረች የሰፈሬ ልጅ አለች። ጤና ኤክስቴንሽኗ ደርሳ ባትነግራት ኖሮ አላህ ያውቃል።

አሁን ወደ ራሴ ቤት ልምጣ።

መካከለኛው ልጄ 11 ዓመቱ ነበር። ማታ ሆዴን አለ። የበላው ነገር ነው ብለን ዝንጅብል አፍልተን ሰጠነው። ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ እግሩን ወደ ሆዱ ሰብስቦ ማልቀስ ጀመረ። ባለቤቴ ባጃጁን አስነሳ፣ ድንገተኛ ክፍል ወሰድነው። ትርፍ አንጀት ነው፣ ቶሎ መሠራት አለበት አሉን። እኔ በዚያች ሰዓት በአንድ ዓይኔ ልጄን እያየሁ በሌላው ደግሞ የስፌት መኪናዬን ስንት ልሸጣት እንደምችል እያሰብኩ ነበር፣ ደብተሩ ቦርሳዬ ውስጥ መሆኑን እንኳን ረስቼዋለሁ። ባለቤቴ ነው ያስታወሰኝ። አውጥቼ ሰጠኋቸው፣ መዘገቡት፣ ልጁ ገባ። አራት ቀን ተኛ። ከውጭ የገዛነው አንድ የሚወጋ መድኃኒትና ጓንት ብቻ ነው። ስንወጣ ገንዘብ ቤቱ ጋ ቆሜ «ስንት ነው?» ስል ልጅቷ ወረቀቱን አይታ «የመድህን ነው እናቴ፣ ሂጂ» አለችኝ። ኮሪደሩ ላይ አለቀስኩ።

ከልጄ አጠገብ ያለው አልጋ ላይ ከኩታበር በኩል የመጣ አንድ ወጣት ተኝቶ ነበር። ደብተር አልነበራቸውም። አባቱ በረንዳ ላይ ቆመው በስልክ ስለ በሬ ሲነጋገሩ ሰማሁ። ለእርሻ የሚሆነውን በሬ እንዲሸጡት ነበር የሚነግሯቸው። ያ ሰው በሚቀጥለው ክረምት በምን እንዳረሰ እስካሁን አስባለሁ። በሽታው አልፎ ድህነቱ ቤት ውስጥ ይቀራል። መድህን ምን ይሠራል ብትሉኝ መልሴ ያ በሬ ነው። በሬው ከቤት እንዳይወጣ ያደርጋል።

ትልቁን ጥቅሙን ያየሁት ግን በዚያ ሌሊት አይደለም። ተራ ቀን ላይ ነው። ድሮ ልጅ ሲያተኩሰው ሦስት ቀን እንጠብቅ ነበር። በአራተኛው ቀን ፋርማሲ ሄደን ያለ ማዘዣ ከሚያስፈልገው ግማሹን ያህል አሞክሳሲሊን እንገዛለን፣ ትንሽ ሲሻለው የቀረውን ለሌላ ጊዜ እናስቀምጣለን። ሰው የማያውቅ ሆኖ አይደለም፣ ገንዘብ ነው። አሁን በዚያው ቀን ጤና ጣቢያ እወስደዋለሁ። የእናቴ ስኳርም የተገኘው እንደዚህ ነው። ጉንፋን ብላ ሄዳ ግፊቷን ለኩ፣ ደሟን አዩ፣ ግፊትም ስኳርም አለብሽ አሏት። ደብተር ባይኖራት ለጉንፋን ጤና ጣቢያ የምትሄድ ሴት አልነበረችም፣ እግሯ እስኪቆስል ቤቷ ትቀመጥ ነበር።

ግን ችግሩም የሚጀምረው ከእናቴ ስኳር ነው።

በየወሩ መድኃኒት ልትወስድ ትሄዳለች። ሐኪሙ ያያታል፣ ይጽፍላታል፣ እዚህ ድረስ ደህና ነው። መድኃኒት ክፍሉ መስኮት ላይ ስትደርስ «እናቴ፣ ይሄ የለም፣ ከውጭ ግዙ» ትባላለች። አንዳንድ ወር የግፊቱ አለ፣ የስኳሩ የለም። አንዳንድ ወር የስኳሩ አለ፣ የግፊቱ የለም። ላብራቶሪ ደግሞ «ሪኤጀንት አልቋል»፣ ማለትም የመመርመሪያው ኬሚካል የለም፣ የሚባልበት ቀን አለ። ለአንድ ዓመት የከፈለ ሰው ከግል መድኃኒት ቤት በሙሉ ዋጋ ሲገዛ ምን እንደሚሰማው የደረሰበት ያውቃል። እናቴ ክፉ ነገር አትናገርም። አንድ ቀን ግን ከጤና ጣቢያ ስትመለስ ደብተሩን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀምጣ «ልጄ፣ ይሄ ወረቀት መድኃኒት ሆኖ አይዋጥ» አለችኝ። እውነቷን ነው።

የጠፋ መድኃኒት ከውጭ ሲገዛ ደረሰኝና ማዘዣ ይዞ ገንዘቡን ማስመለስ የሚቻልበት አሠራር አለ ተብዬ ሞክሬዋለሁ። ደረሰኙ ላይ የተቋሙ «የለም» የሚል ማህተም ያስፈልጋል። ማህተሙን የሚመታው ሰው ስብሰባ ነው። በማግስቱ ስሄድ ሌላ ፊርማ ይጎድላል። ሦስት ቀን ስፌት ቤቴን ዘግቼ ተመላለስኩ፣ የቀረብኝ ሥራ ከማስመልሰው ገንዘብ በለጠ፣ ተውኩት። በደሉ ከገንዘቡ ይልቅ ይሄ ነው ለኔ። ድሃ ሰው ጊዜው ገንዘቡ ነው።

መስኮቱ ላይ ያለው ልጅ ላይ መጮህ ግን ትክክል አይመስለኝም፣ እኔም ጮኼ አይቼዋለሁ። ነገሩን ሰዎችን እየጠየቅሁ ሳጣራ የገባኝ ይሄ ነው። ጤና ተቋሙ መጀመሪያ ያክማል፣ ከዚያ በየሩብ ዓመቱ ሒሳቡን ለመድህኑ ያቀርባል፣ ሒሳቡ ተመርምሮ ይከፈለዋል። ክፍያው ከዘገየ መድኃኒት የሚገዛበት ብር በእጁ የለም። መድኃኒት ከሌለው ታማሚው ይማረራል። የተማረረ ሰው በሚቀጥለው ዓመት አያድስም። ሰው ካላደሰ መድህኑ የሚከፍለው ያጣል። እንዲህ እያለ ይዞራል። በዚያ ላይ ገንዘቡ የሚጠራቀመው በየወረዳውና በየከተማው ነበር፣ ማሰሮው ትንሽ ነው፤ በአንድ ዓመት ብዙ ከባድ ታማሚ የመጣበት ወረዳ ይጎዳል፣ የጎረቤቱ ወረዳ ግን ሊተርፈው ይችላል። ማሰሮዎቹን አንድ ላይ ማድረግ ትክክል ነው እላለሁ።

ሌላው ምክንያት የብር ዋጋ መውደቅ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ ዶላር 57 ብር አካባቢ ነበር፣ በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። አብዛኛው መድኃኒታችን ከውጭ ነው የሚመጣው። የኛ መዋጮ ግን የሚሰበሰበው በዓመት አንዴ ነው፣ ዋጋው መሃል ላይ ቢዘል መዋጮው ተከትሎት አይዘልም።

ጦርነቱንም አልረሳውም። ጥቅምት 2014 ደሴ ስትያዝ፣ ህዳር መጨረሻ ላይ እስክትመለስ ድረስ፣ ደብተር የያዘውም ያልያዘውም እኩል ሆነ። ደሴ ሆስፒታል ተዘረፈ፣ ምሥራቅ አማራ ሁሉ የሚታከምበት ትልቁ ሆስፒታል ባዶ ሆኖ ተገኘ። መድህን የሚገዛላችሁ ያለውን ሕክምና ነው። የሌለ ማሽን፣ የሌለ ሐኪም አይገዛም። ከዚያ ባዶ ቤት ተነስተው እንደገና ሥራ ያስጀመሩትን ነርሶችና ሐኪሞች አላህ ይስጣቸው፣ ደሞዛቸው ምን ያህል እንደሆነ የምታውቁ ታውቁታላችሁ።

ታዲያ ለምን ግቡ እላለሁ?

ይህ ነገር ከሌላ ቦታ ተጭኖ የመጣብን አይደለም፣ ከደጃችን ነው የተሞከረው። በ2003 ዓ.ም. በ4 ክልሎች 13 ወረዳዎች ላይ ሲጀመር ከአማራ ክልል የተመረጡት ፎገራ፣ ደቡብ አቸፈርና ተሁለደሬ ነበሩ። ተሁለደሬ ማለት ሐይቅ ናት፣ ከዚህ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ። የሐይቅ ገበሬ ከአዲስ አበባ ሰው ቀድሞ የጤና መድህን ደብተር ይዟል። ዛሬ በአገሪቱ ከ1000 በላይ ወረዳዎች ውስጥ አለ። እዚያ ድረስ የሄደው ሰው ሞክሮት ስለጠቀመው ነው ብዬ አምናለሁ።

አንድ ጎረቤቴ አምና ወጣ። «ሁለት ዓመት ከፈልኩ፣ አንድ ቀን አልታመምኩም፣ ገንዘቤን ተበላሁ» አለኝ። ሰላም መክረሙ ኪሳራ ተቆጥሮበት! እኔም መልሼ ስለ ቅሬያችን ጠየቅሁት። ሌላው አገር ዕድር የሚለውን እኛ ወሎዎች ቅሬ እንላለን። «ዘንድሮ ማንም አልሞተብኝም፣ መዋጮዬን መልሱልኝ ብለህ ታውቃለህ?» አልኩት። ዝም አለ። ቅሬ ላይ ይህ ጥያቄ ለማንም አይመጣለትም። ለምን? ብሩ የት እንደሄደ እናያለን። ድንኳኑ ሲተከል፣ ንፍሮው ሲቀቀል፣ ሰው በሌሊት ሲሰበሰብ እናያለን። የመድህኑ ብር የት እንደሄደ ግን አናይም። የኔ መዋጮ የማን ልጅ ትርፍ አንጀት ላይ እንደዋለ የሚነግረኝ የለም። ጽሕፈት ቤቱ በዓመት አንዴ በየቀበሌው ይህን ያህል ሰበሰብን፣ ለዚህ ያህል ሰው አሳከምን፣ ይህን ያህል ዕዳ አለብን ብሎ ቢያነብልን ግማሹ ቅሬታ ይቀንስ ነበር። የቅሬ ዳኛ ይህን ያደርጋል፣ ብዙዎቹ ማንበብ እንኳን ሳይችሉ።

የታመመ ብቻ የሚገባበት መድህን አይቆምም። ቤተሰብ በሙሉ ይመዝገብ የተባለውም ለዚህ ነው፣ በሽተኛዋን እናት ብቻ አስመዝግቦ ጤነኛውን አስቀርቶ መሄድ እንዳይኖር። ጎረቤቴ በዚህ ዓመት ተመልሶ ይመዘገባል ብዬ ተስፋ አደርጋለሁ፣ ሚስቱ ደግሞ እርጉዝ ናት፣ ልጅ ሲመጣ በሽታም አብሮ ይመጣል።

ደሞዝ ያላቸው ሰዎች ነገር ደግሞ ይገርመኛል። ታናሽ እህቴ ኮምቦልቻ ፋብሪካ ትሠራለች። ከደሞዟ ለጡረታ 7 በመቶ ይቆረጣል፣ አሠሪዋ 11 በመቶ ይጨምራል፣ 60 ዓመት ሲሞላት ታገኘዋለች፣ ይሄ ጥሩ ነው። ለሕክምና ግን ምንም የለም። ለደሞዝተኛ የሚሆን የማኅበራዊ ጤና መድህን አዋጅ ከወጣ ቆይቷል፣ አዋጅ ቁጥር 690 በ2002 ዓ.ም.። ሠራተኛው 3 በመቶ፣ አሠሪው 3 በመቶ ይከፍላል ተብሎ ነበር። አዋጁ ከወጣ በኋላ መዋጮው ሳይጀመር ዓመት ዓመትን ተካው። ስለዚህ እኔ ያለ ደሞዝ ልጄን በነፃ አሳክማለሁ፣ እህቴ ደሞዝተኛዋ ስትታመም ከእኔ ትበደራለች። እሷ የምትገባበት በር ሲከፈት ለሁላችንም ይጠቅማል፣ ደሞዝተኞቹ ብዙዎቹ ወጣት ናቸው፣ በየወሩ የሚከፍሉ ናቸው።

መክፈል የማይችል ሰውስ? ለእነሱ ክልሉና ወረዳው ይከፍላሉ፣ ደብተራቸው ከእኔ ደብተር አይለይም። ማን ይግባ የሚለውን የቀበሌ ሰው ተሰብስቦ ይመርጣል። ይሄን ወድጄዋለሁ፣ ሰፈር ደሃውን ያውቃል። ግን ኮታ አለ። ከኋላችን ያለችው ባሏ የሞተባት ሴት ሁለት ዓመት ሳትመረጥ ቀርታለች፣ ቤቷ የቆርቆሮ በር ስላለው ብቻ ነው መሰለኝ። ጎረቤት ሆነን አዋጥተን አስገባናት። እንዲህ ያለ መሙላት መንግሥት አይሠራውም፣ ሰው ነው የሚሠራው። ሌላዋ ጎረቤታችን ደግሞ የከተማ ሴፍቲኔት ውስጥ ነበረች፣ ድሃ የከተማ ሰው እየሠራ ገንዘብ የሚያገኝበት የመንግሥት ፕሮግራም ነው። ደሴ በመጀመሪያው ዙር ከተመረጡት 11 ከተሞች አንዷ ናት። ጠዋት መንገድ ትጠርጋለች፣ ችግኝ ትተክላለች፣ ከምታገኘው ላይ የተወሰነው ይቆጠብላታል። ከፕሮግራሙ ስትመረቅ በቆጠበችውና በተሰጣት መነሻ የእንጀራ ምጣድ ገዛች። ዛሬ ለሦስት ምግብ ቤት እንጀራ ታደርሳለች፣ የመድህን መዋጮዋንም ራሷ ትከፍላለች። በ1966ም በ1977ም ወሎ እህል አጥቶ ሰው ወደ መንገድ ሲወጣ ያዩ ሽማግሌዎች አሉ በሰፈራችን። እነሱ ይህን ሲያዩ «አልሐምዱሊላህ፣ ደህና ቀን ነው» ይላሉ፣ እኔ ስለ መስኮቱ ስማረር።

ለምትገቡ ሰዎች ሁለት ነገር ልንገራችሁ። ሁልጊዜ ከጤና ጣቢያ ጀምሩ፣ ሪፈር አጽፉ፣ ከዚያ ሆስፒታል ሂዱ። በቀጥታ ሆስፒታል ከሄዳችሁ መድህኑ ሙሉውን አይሸፍንም፣ ድንገተኛ ካልሆነ በቀር። የሪፈር ወረቀቱንም አትጣሉ፣ ፎቶ አንሱት። ሌላው፣ ዕድሳት አታሳልፉ። መኸር ከተሰበሰበ በኋላ ነው ወቅቱ፣ የመጨረሻው ሳምንት ላይ ሰልፉ እስከ ግቢው በር ይደርሳል፣ በመጀመሪያው ሳምንት ግን በአሥር ደቂቃ ትጨርሳላችሁ።

ኮከብ ስጪ ካላችሁኝ፣ ለቀዶ ሕክምናና ለድንገተኛ 5 ከ5። ለመድኃኒት 2። ለወረቀቱ ጣጣ 1።

አንድ ነገር ጨምሬ ላብቃ። ከጥቂት ሳምንታት በፊት መድኃኒት ክፍሉ ውስጥ ላለው ልጅ ዛሬ የሌለውን መድኃኒት ጠዋት ጽፎ በር ላይ ቢለጥፍ ከገራዶ ድረስ የሚመጡ አሮጊቶች ለባጃጅ ከፍለው ሁለት ሰዓት ተሰልፈው ባዶ እጃቸውን አይመለሱም ነበር አልኩት። «እውነትሽን ነው» አለ። በእጁ ጻፈና ለጠፈው። ሦስት ሳምንት ሠራ። ሰው በር ላይ አንብቦ፣ ወይ አስነብቦ፣ በጊዜ ይመለስ ነበር። ባለፈው ሳምንት ስሄድ ወረቀቱ የለም። ጠየቅሁት። ወረቀት አልቆብኝ ነው አለኝ። ዛሬ ጠዋት ፒያሳ ወርጄ አንድ ደስጣ ወረቀትና ሁለት ማርከር ገዝቻለሁ። ሰኞ የእናቴ ቀጠሮ ነው፣ ይዤለት እሄዳለሁ።